የሩዶልፍ ዲዝል ታሪክ

ስማቸው በየቀኑ የሚጠራ፥ ሕይወታቸውን ግን ብዙ ሰው የማያውቀው ሰዎች አሉ። ከእነዚህም አንዱ ሩዶልፍ ዲዝል ነው። በአውሮፓና በአሜሪካ ናፍጣ በእርሱ ስም ዲዝል ይባላል፤ በናፍጣ የሚሠራውም ሞተር የዲዝል ሞተር ተብሎ ይጠራል። መርከብና ባቡር፥ የጭነት መኪናና የእርሻ ትራክተር በዚህ ሞተር ይሠራሉ። ይህን ሞተር ያሰበውና የሠራው ሰው ግን ብዙ ደክሞ፥ ብዙ ከብሮ፥ በመጨረሻም በብዙ ጭንቀት ውስጥ ሆኖ የሞተ ሰው ነው። ታሪኩ ለሚሰማው ሁሉ ትምህርት አለው። ዓመቶቹ የተቈጠሩት በአውሮፓ አቈጣጠር ነው።

1. ልጅነቱና ትምህርቱ

ሩዶልፍ ዲዝል በማርች 18 ቀን 1858 ዓ.ም. በፈረንሳይ ዋና ከተማ በፓሪስ ተወለደ። አባቱና እናቱ ግን ጀርመኖች ነበሩ። አባቱ ቴዎዶር ዲዝል መጽሐፍ የሚጠርዝና ከቆዳ ልዩ ልዩ ዕቃ የሚሠራ የእጅ ሥራ ዐዋቂ ነበረ። ቤቱ የሀብታም ቤት አልነበረም። ስለዚህ ልጁ አባቱ የሠራውን ዕቃ በከተማው እየዞረ ለገዢዎች ያደርስ ነበር። ጊዜ ባገኘ ቍጥር ደግሞ በፓሪስ ወዳለው የመኪናዎች ቤተ መዘክር እየሄደ፥ ከጥንት ጀምሮ የተሠሩትን የእንፋሎት መኪናዎች አተኵሮ ይመለከትና ሥዕላቸውን ይሥል ነበር።

በ1870 ዓ.ም. በፈረንሳይና በጀርመን መካከል ጦርነት ተነሣ። በዚያን ጊዜ በፓሪስ የሚኖሩ ጀርመኖች አገሩን ለቀው እንዲወጡ ተገደዱ። የዲዝልም ቤተሰብ ኑሮውን ትቶ ወደ ለንደን ተሰደደ። በለንደን ኑሮ ስለ ከበዳቸው ወላጆቹ የ12 ዓመቱን ሩዶልፍን ወደ አባቱ የትውልድ ከተማ ወደ አውግስቡርግ ላኩት። በዚያም የሒሳብ መምህር በሆነ ዘመዱ ቤት ተቀመጠ።

ሩዶልፍ ስደተኛ ልጅ ስለ ነበረ ከትምህርት በቀር ሌላ ርስት እንደሌለው ፈጥኖ ዐወቀ። በ14 ዓመቱ መሐንዲስ ለመሆን እንደ ቈረጠ ለወላጆቹ ጻፈላቸው። በ1873 ዓ.ም. ከክፍሉ ልጆች አንደኛ ሆኖ ትምህርቱን ፈጸመ። ወላጆቹ ሥራ ይዞ ገንዘብ እንዲያገኝ ይሹ ነበር። እርሱ ግን ስለ ብልጫው የትምህርት ገንዘብ ስለ ተሰጠው፥ በ1875 ዓ.ም. በሙኒክ ከተማ ወዳለው ከፍተኛ የምሕንድስና ትምህርት ቤት ገባ።

2. አሳቡ ከየት እንደ መጣ

በሙኒክ ካስተማሩት ሊቃውንት አንዱ ካርል ሊንደ ነው። ሊንደ የበረዶ መሥሪያ መኪናን በማሻሻል ስሙ የታወቀ መምህር ነበረ። በ1878 ዓ.ም. ይህ መምህር ስለ እንፋሎት መኪና ሲያስተምር፥ መኪናው ከሚበላው ከሰል ኀይል ከመቶ 10 እጅ ወይም ከዚያ ያነሰውን ብቻ ወደ ሥራ እንደሚለውጥ፥ የቀረው ሁሉ ግን በከንቱ እንደሚጠፋ አስረዳ።

ነገሩን በምሳሌ ማየት ይቻላል። አንድ ሰው 10 ሸክም እንጨት ገዝቶ ዘጠኙን በሜዳ ላይ ቢያነድና በአንዱ ሸክም ብቻ ወጡን ቢሠራ፥ ጎረቤቱ ሁሉ ይሥቅበታል። በዚያ ዘመን የነበሩት ፋብሪካዎችና ባቡሮች ግን የሚሠሩት እንዲህ ነበር፤ የሚሥቅባቸውም አልነበረም። ብዙ ተማሪዎች ትምህርቱን ሰምተው ወደየቤታቸው ሄዱ። ዲዝል ግን ይህን ብክነት የሚያስቀር መኪና ይገኝ እንደ ሆነ ለመመርመር አስቦ፥ አሳቡን በደብተሩ ዳር ጻፈ። ከዚያ ቀን ጀምሮ ነገሩ ከልቡ አልወጣም።

በ1879 ዓ.ም. ፈተናው በደረሰ ጊዜ ዲዝል ታይፎይድ በሚባል ጽኑ ሕመም ታመመና ከጓደኞቹ ጋር ሳይፈተን ቀረ። እርሱ ግን ጊዜውን በከንቱ አላሳለፈም። የሚቀጥለው ፈተና እስኪደርስ ድረስ በስዊስ አገር በቪንተርቱር ከተማ በሱልዘር ፋብሪካ እየሠራ የእጅ ሥራ ተማረ። በ1880 ዓ.ም. መጀመሪያ ተፈትኖ በከፍተኛ ማዕርግ አለፈ።

ከዚህ በኋላ ወደ ፓሪስ ተመልሶ ለመምህሩ ለሊንደ የበረዶ መሥሪያ መኪና የሚተክልና የሚሸጥ ሠራተኛ ሆነ። በ1883 ዓ.ም. ማርታ የምትባል ሴት አግብቶ ሦስት ልጆች ወለደ። ቀን ለእንጀራው ሲሠራ፥ በተረፈው ጊዜ ስለ አዲሱ ሞተር ያስብ ነበር። መጀመሪያ በውሃ እንፋሎት ፈንታ አሞንያ በሚባል ነገር እንፋሎት የሚሠራ መኪና ለማውጣት ብዙ ዓመት ደከመ፤ ፍሬ ግን አላገኘበትም። ነገር ግን በዚያ ድካም ስለ ሙቀትና ስለ አየር ብዙ ነገር ተማረ።

የብስክሌት ጎማ የነፋ ልጅ መንፊያው እንደሚግል ያውቃል። መንፊያው የሚግለው እሳት ቀርቦት አይደለም፤ በውስጡ ያለው አየር ስለሚታመቅ ነው። አየር በጠባብ ስፍራ በታመቀ መጠን ሙቀቱ ይጨምራል። የዲዝልም ሞተር መሠረቱ ይኸው ነው። ሲሊንደር በሚባለው በወፍራም ብረት በርሜል ውስጥ ፒስቶን ወደ ላይ ወጥቶ አየሩን እጅግ ያምቀዋል። አየሩ በጋለ ጊዜ ነዳጁ ይረጭበታል። ነዳጁም ያለ ክብሪትና ያለ ኤሌትሪክ ብልጭታ በራሱ ይቀጣጠልና ፒስቶኑን በኀይል ይገፋዋል። ፒስቶኑም የሞተሩን ዘንግ ያዞራል። ዲዝል ይህን አሳብ ጽፎ በ1892 ዓ.ም. በበርሊን ለመንግሥት በማቅረብ የፈጠራውን መብት አገኘ። በሚቀጥለውም ዓመት አሳቡን የሚያስረዳ መጽሐፍ አሳተመ።

3. የፈተና ዓመቶች

አሳብ በወረቀት ላይ ሲጻፍ ቀላል ነው፤ በብረት ሲሠራ ግን ከባድ ነው። ዲዝል ገንዘብ ስላልነበረው ለብዙ ባለ ፋብሪካዎች ጻፈ። በመጨረሻ በአውግስቡርግ የነበረው የመኪና ፋብሪካና የብረት ባለጠጋ የሆነው የክሩፕ ማኅበር ሊረዱት ተስማሙ። በልጅነቱ በስደት በገባባት ከተማ የመጀመሪያው ሞተር ተሠራ።

በኦገስት 10 ቀን 1893 ዓ.ም. ሞተሩ ተፈተነ። ነዳጁ በገባ ጊዜ ታላቅ ፍንዳታ ሆነ፤ የመለኪያው መሣሪያ ተሰባብሮ ስባሪው በአየር በረረ፤ በአጠገቡ የነበሩትም ሰዎች ለጥቂት ተረፉ። ሞተሩም በራሱ ኀይል አልዞረም። ሌላ ሰው ቢሆን ተስፋ ቈርጦ በተወው ነበር። ዲዝል ግን የነዳጁ መቀጣጠል አሳቡ እውነት መሆኑን እንዳሳየ አስተዋለ። ሞተሩም ፈርሶ እንደ ገና ተሠራ።

በፌብሩዋሪ 17 ቀን 1894 ዓ.ም. ሁለተኛ ፈተና ሆነ። እስከዚያ ሰዓት ድረስ ሞተሩን በጠፍር የሚያዞረው የፋብሪካው መኪና ነበር። በድንገት ግን ጠፍሩን የሚስበው ሞተሩ ራሱ ሆነ። ይህን አስቀድሞ ያየው በአጠገቡ ይሠራ የነበረ ሠራተኛ ነው። ሠራተኛውም አንዲት ቃል ሳይናገር ባርኔጣውን አውልቆ ለዲዝል እጅ ነሣ። ሞተሩ በራሱ የዞረው አንድ ደቂቃ ያህል ብቻ ነበር። ለዚያች አንዲት ደቂቃ 16 ዓመት ታስቦላታል።

ከዚህ በኋላ ደግሞ ሦስት ዓመት ሙሉ ሲያፈርሱና ሲሠሩ ቈዩ። በፌብሩዋሪ 1897 ዓ.ም. ፕሮፌሰር ሞሪትስ ሽሮተር የሚባል መምህር ሞተሩን በጥንቃቄ መረመረው። ከነዳጁ ኀይል ከመቶ 26 እጅ የሚሆነውን ወደ ሥራ እንደሚለውጥም አገኘ። በዚያ ዘመን እንዲህ ያለ ሞተር ሌላ አልነበረም።

4. ክብርና ዕዳ

የሞተሩ ዜና በዓለም ተሰማ። ከብዙ አገር የመጡ ባለጠጎች ሞተሩን በየአገራቸው ለመሥራት መብት ገዙ። ከአሜሪካ አዶልፈስ ቡሽ የሚባል የቢራ ጠማቂ ባለጠጋ መጥቶ፥ በአሜሪካና በካናዳ ሞተሩን ለመሥራት 1 ሚሊዮን የጀርመን ማርክ ከፈለ። በ1900 ዓ.ም. በፓሪስ በተደረገው ታላቅ የዓለም ኤግዚቢሽን ዲዝል ከፍተኛውን ሽልማት ተቀበለ። በዚያው ኤግዚቢሽን ከቀረቡት የዲዝል ሞተሮች አንዱ በኦቾሎኒ ዘይት ሲሠራ ታየ። በልጅነቱ በተባረረባት ከተማ በክብር ቆመ።

ነገር ግን ክብሩ ከሞተሩ ቀደመ። የተሸጡት የመጀመሪያዎቹ ሞተሮች ገና በደንብ አልተፈተኑም ነበርና በገዢዎች እጅ ይሰበሩና ይቆሙ ጀመር። ገዢዎቹ አጕረመረሙ። የጎደለውን ለማሟላት በየፋብሪካው ያሉ መሐንዲሶች ብዙ ዓመት መድከም ነበረባቸው። አንዳንድ ሊቃውንትም ሞተሩ አስቀድሞ በመጽሐፍ ከተጻፈው የተለየ ነው እያሉ ነቀፉት። ዲዝል ይህን ነቀፋ መታገሥ አልቻለም። በ1898 ዓ.ም. ጤናው ተናግቶ ለብዙ ጊዜ ከሥራ ዐረፈ።

ከዚህም ሌላ በሙኒክ ብዙ ወጪ ያለው ታላቅ ቤት አሠራ። የቀረውን ገንዘብ ለመሬት ግዥና ጋሊሲያ በሚባል አገር ለነበረ የነዳጅ ዘይት ጕድጓድ አወጣው። ሁለቱም ኪሳራ አመጡበት። የጭልፋ ነዳጅ እንዳይባክን ዕድሜውን በሙሉ የደከመ ሰው፥ የገዛ ገንዘቡ ሲባክን አላስተዋለም። ሰዎች ግን ታላቁን ቤት ከውጭ እያዩ እጅግ ባለጠጋ ይመስላቸው ነበር።

5. ዲዝል ያሠራው ባቡር

በ1912 ዓ.ም. ሴላንዲያ የምትባል የዴንማርክ መርከብ በዲዝል ሞተር ታላቁን ውቅያኖስ ጉዞ ጀመረች። ዲዝልም በዚያው ዓመት ወደ አሜሪካ ሄዶ በታላቅ ክብር ተቀበሉት። ሞተሩ በፋብሪካና በባሕር ላይ ቦታ ካገኘ በኋላ በምድር ባቡር ላይ እንዲሠራ ማድረግ የዲዝል ትልቅ ምኞት ነበረ። ስለዚህ ከ1909 ዓ.ም. ጀምሮ ከሌላ መሐንዲስና ከሱልዘር ፋብሪካ ጋር ተባብሮ አንድ ትልቅ ባቡር ያሠራ ነበር። ባቡሩ በ1912 ዓ.ም. ተፈጽሞ በስዊስ ሐዲድ ላይ ተሞከረ።

ይህ ባቡር ግን አንድ ታላቅ ጉድለት ነበረበት። የእንፋሎት ባቡር ከቆመበት ሲነሣ ሙሉ ኀይሉ ከመጀመሪያው አብሮት አለ። የዲዝል ሞተር ግን አስቀድሞ ካልዞረ ኀይል የለውም። ዲዝልና ጓደኞቹ ሞተሩን ከመንኰራኵሩ ጋር በቀጥታ ስላያያዙት፥ መንኰራኵሩ ሲቆም ሞተሩም ይቆማል፤ መንኰራኵሩ ካልተነሣም ሞተሩ አይነሣም። ባቡሩን ከቆመበት ለማስነሣት በጋን የታመቀ አየር አበጁለት፤ ነገር ግን አልበቃም። ባቡሩ ጥቂት ጊዜ ከተሞከረ በኋላ ለዘወትር አገልግሎት ሳይበቃ ቀረ።

6. የሕይወቱ ፍጻሜ

በሴፕቴምበር 29 ቀን 1913 ዓ.ም. ማታ ዲዝል ወደ እንግሊዝ አገር ለመሻገር በቤልጅግ በአንትቨርፕ ወደብ ድሬስደን በምትባል መርከብ ተሳፈረ። ከጓደኞቹ ጋር ራት በልቶ፥ በማግሥቱ በማለዳ እንዲቀሰቅሱት አዝዞ ወደ ክፍሉ ገባ። ሲነጋ ሊቀሰቅሱት ቢሄዱ በክፍሉ አልነበረም። አልጋው አልተተኛበትም። ባርኔጣውና ካፖርቱ በመርከቡ ኋላ ባለው መከታ አጠገብ ተገኙ። ከጥቂት ቀን በኋላ አንድ የሆላንድ ጀልባ በባሕር ላይ ሬሳ አገኘ። ጀልበኞቹ ከኪሱ ያገኙትን ዕቃ ወሰዱ፤ ሬሳውን ግን ወደ ባሕር መለሱት። ልጁ ኦይገን ዕቃውን አይቶ የአባቱ መሆኑን አወቀ። ዲዝል በሞተ ጊዜ ዕድሜው 55 ዓመት ነበረ።

እንዴት እንደ ሞተ ያየ ሰው የለም። ስለዚህ ብዙዎች ብዙ ነገር ተናገሩ። በኋላ ግን ገንዘቡ ሁሉ አልቆ በዕዳ ተይዞ እንደ ነበረ ታወቀ። ጭንቀቱን ለማንም ሳይገልጥ ብቻውን ተሸክሞት ኖረ።

7. ትንሹ የአሜሪካ ባቡር

ዲዝል ከሞተ በኋላ ምኞቱ በባሕር ማዶ ተፈጸመ። የተፈጸመውም በአንድ ትንሽ ባቡር ነው።

በአሜሪካ አንድ የጭነት ባቡር ወደ ልዩ ልዩ ከተማ የሚሄዱ ብዙ ፉርጎዎችን ይዞ ወደ ጣቢያ ይገባል። በጣቢያው ግቢ እያንዳንዱ ፉርጎ ተለይቶ ወደሚሄድበት ባቡር መቀጠል አለበት። ይህን የሚሠራ ፉርጎ አሰላፊ ባቡር አለ። እርሱም ቀኑን ሙሉ ከአንዱ ሐዲድ ወደ ሌላው እየገፋና እየሳበ፥ እየቆመና እየተነሣ ይውላል። ከግቢው ብዙ አይርቅም፤ መንገደኛም አያመሰግነውም። ሩቅ አገር የሚሄደው ባቡር እንደ ሰጋር በቅሎ ሲመሰገን፥ ይህ እንደ ጭነት አህያ ዝም ብሎ ይሠራል። እርሱ አንድ ቀን ቢቆም ግን ትልቁም ባቡር ይቆማል።

በኒው ዮርክ ከተማ የእንፋሎት ባቡር ጢስ ታላቅ ጭንቅ ሆኖ ነበር። በ1902 ዓ.ም. በከተማው ዋሻ ውስጥ ጢስና እንፋሎት ምልክቱን ጋርዶ ሁለት ባቡሮች ተጋጭተው ብዙ ሰው ሞተ። ከዚያ ወዲህ የእንፋሎት ባቡርን የሚከለክል ሕግ ወጣ፤ በ1923 ዓ.ም. ደግሞ ሕጉ ለከተማው በሙሉ እንዲሆን ታዘዘ። በዚህ ምክንያት አልኮ፥ ጄኔራል ኤሌክትሪክና ኢንገርሶል ራንድ የሚባሉ ሦስት ማኅበሮች ተባብረው በናፍጣ የሚሠራ ፉርጎ አሰላፊ ባቡር ሠሩ። በ1925 ዓ.ም. የኒው ጀርሲ ማዕከላዊ ምድር ባቡር ገዛው። ቍጥሩ 1000፥ ጉልበቱ 300 የፈረስ ጉልበት ነበረ።

እነዚህ ሰዎች የዲዝልን ባቡር ጉድለት በሌላ መንገድ አስወገዱት። ሞተሩን ከመንኰራኵሩ ጋር አላያያዙትም። ሞተሩ ኤሌትሪክ የሚያወጣውን ዲናሞ ያዞራል፤ ኤሌትሪኩ በሽቦ ወደ መንኰራኵሮቹ ወርዶ በዚያ ያሉትን የኤሌትሪክ ሞተሮች ያዞራል። እንዲህ ሲሆን ባቡሩ ቆሞ ሳለ የናፍጣው ሞተር ይዞራል። የኤሌትሪክ ሞተር ደግሞ ከቆመበት ሲነሣ ብርቱ ነው። ሄርማን ሌምፕ የሚባል መሐንዲስ ነጂው ሞተሩንና ኤሌትሪኩን አንድ ላይ የሚገዛበትን ብልሃት አወጣ። አንዱ የጀመረውን ሌላው ሲጨርስ፥ ድር ቢያብር አንበሳ ያስር የሚባለው ተረት እውነት ሆነ።

ቍጥር 1000 በኒው ዮርክ በወንዝ ዳር ባለ ጣቢያ እስከ 1957 ዓ.ም. ድረስ ሠራ። ከዚያም በባልቲሞር ከተማ በባቡር ቤተ መዘክር ተቀመጠ። የእርሱን መልካም ሥራ ያዩ ሌሎች ማኅበሮች እንደ እርሱ ያለውን ገዙ። የእንፋሎት ባቡር ውሃው እስኪፈላ ብዙ ሰዓት ይፈጃል፤ አመዱ ይጠረጋል፤ ቆሞም ሳለ ከሰል ይበላል። የናፍጣው ግን ፈጥኖ ይነሣል፤ ቀንና ሌሊትም ሳያርፍ ይሠራል። ኤሌክትሮ ሞቲቭ የሚባለው ማኅበር ከ1939 እስከ 1949 ዓ.ም. 1,000 የፈረስ ጉልበት ያላቸውን ከ1 ሺህ በላይ እንዲህ ያሉ ባቡሮች ሠራ። አልኮም ከ1940 እስከ 1950 ዓ.ም. ድረስ ኤስ 2 የሚባለውን 1 ሺህ 500 ያህል ሠራ። በመጨረሻ የናፍጣ ሞተር ከጣቢያ ግቢ ወጥቶ ረጅሙንም መንገድ ያዘ። እስከ 1960 ዓ.ም. ድረስ የእንፋሎት ባቡር ከአሜሪካ ታላላቅ ሐዲዶች ከዘወትር ሥራ ወጣ።

8. ከታሪኩ የሚገኝ ትምህርት

ዲዝል በልጅነቱ ድኽነትና ስደት ሳይበግሩት ተማረ። ሌሎች የለመዱትን ብክነት እርሱ እንደ ጉድለት አየው፤ ከዚህም የተነሣ ዓለም ታላቅ ጥቅም አገኘ። ተማሪ የሆነ ሁሉ በክፍል የሚሰማውን ነገር በዚህ ዐይነት ልብ ማዳመጥ ይገባዋል።

ዳግመኛም ከጉድለቱ የሚማር ሰው ብልህ ነው። ገንዘብ በመጣ ጊዜ ሂሳብ መያዝ፥ ነቀፋ በመጣ ጊዜ መታገሥ፥ ጭንቀት በበዛ ጊዜ ለወዳጅ መንገር ያስፈልጋል። ጭነቱን ለብቻው የሚሸከም ሰው፥ ብርቱም ቢሆን፥ ከመንገድ ይወድቃል። ደግሞም ባላዩት ነገር በሞተ ሰው ላይ መፍረድ አይገባም።

ከሁሉም በላይ ትንሽ ሥራን መናቅ አይገባም። ዲዝል ያሠራው ትልቁ ባቡር ሳይሠራ ቀረ፤ ምኞቱን የፈጸመው ማንም የማያየው ፉርጎ አሰላፊው ባቡር ነው። በትንሽ ግቢ በትጋት ያገለገለ፥ በኋላ ለረጅም መንገድ ታመነ።